ሹክ ባይ

ሠላሳ ዓመት ሙሉ፣ ከመድረኩ ጫፍ ላይ፣
ከሣጥን ብቅ ያልኩ፣ እኔ ነኝ ሹክ ባይ፤
ቃሉ የሸሸበት ተዋናይ ሲጨንቀው፣
በትንፋሽ አቀበልኩ፣ ተመልካች ሳያውቀው።

ቶሪኖ ያወቀው የጋውዴንሲዮ ቧልት፣
ያንድ ውል አዋዋይ የተንኮል ብልሃት፦
የሚስቱን ገመና አድብቶ ሊያጣራ፣
“ጆሮዬ ጠፋ” ብሎ ደንቆሮ ተጠራ፤
አማት ፊቱ ቆማ ትራገመዋለች፣
እሱ “አሜን” ሲላት፣ ሳቋን ታፍናለች፤
ሚስት ለወዳጇ ቀጠሮ ስታደርግ፣
እሱ ሾርባ ይምጋል፣ ጢሙን በማንኪያ ሲጠርግ።

መጣ ቴዎባልዶ፣ ያ የፊልም ጌታ፣
ቧልታችንን ገዛ በአንድ ምሽት ጨዋታ።
ግን ድምፅ የሌለው ቧልት ምን ሊሆን ይችላል?
ውሃው የነጠፈ የፖ ዳር ወፍጮ ነው፤ ድንጋዩ ብቻ ቀርቷል።
እኔማ አለቀልኝ። ሥዕል ሹክ አይባልም፣
ለጥላ ቃል የሚያቀብል በዓለም ላይ የለም።
ጋውዴንሲዮ ግን እግሩን መሬት ተከለ፣
“ኤቫሪስቶ ከቀረ፣ እኔም ቀረሁ” አለ።

ጣራው መስታወት ነው፣ ፀሐይ ነው መብራቱ፣
ከጎን ለሌላ ፊልም ግንብ ይሠራል፣ መዶሻ ነው ቤቱ።
ሣጥን ስለሌለ፣ ከጠረጴዛ ሥር ከተቱኝ እንደ ድመት፣
ጨርቁ እስከ ወለል ወርዶ፣ ጋረደኝ በጨለማ ድባብ ውስጥ።
“ሹክ” ማለት ቀርቶ፣ ጉሮሮዬ እስኪነቃ ጮኽኩኝ፤
እሱ ግን ይንተባተባል፣ ያላልኩትን ይላል መሰለኝ።
ደጋግሞ የጨርቁን ጫፍ ገለጥ ያደርገዋል፣
ቴዎባልዶ ከካሜራው ኋላ በሳቅ ይሞታል፦
“ይቆይ! እንዳትነኩት! ባልየው ውሽማ ሥሩ ያለ መስሎታል!”

በኅዳር ዝናብ ታየ። አዳራሹ ጢም አለ፣
ፒያኖው እንደ ፍየል ጠጠር ላይ ዘለለ።
ከጎኔ ኦኖሪና ነበረች፣ የቲያትሩ ልብስ ሰፊ፣
ከሕፃንነቷ ጀምሮ ጆሮዋ ዝግ፣
ከሰው ከንፈር ላይ ቃል እንደ ክር መዛ የምታወጣ።
ጋውዴንሲዮ ተንበረከከ። ጨርቁን ገለጠ።
ጽሑፉ መጣ፦ “እመቤቴ ሆይ፣ ይቅርታሽን!”
ሕዝቡ አውካካ፤ ከፊቴ ያሉትን ሴትዮ ብርቱካን አነቃቸው።
ኦኖሪና ብቻ አልሳቀችም።
የልብስ ጠመኔዋን አወጣች፣
በጥቁሩ ካፖርቴ እጅጌ ላይ ጻፈች፦

“ኤቫሪስቶ፣ አልሰማህም።
ሁለት ዓመት ሆነኝ። አፍህን አሳየኝ።”

ለካ በየማታው ወደ ሣጥኔ የሚጠጋው፣
“ለሕዝቡ ክብር ነው” እያልኩ የማደንቀው፣
የመድረኩ ፋኖስ ፊቴን ሲያበራልኝ፣
ከሪዜ ሥር ቃል ሲለቅም ነው የኖረብኝ።
ደንቆሮ መስሎ ሲያስቅ ያመሸው ያ ሰው፣
ከመድረክ ሲወርድ፣ የሚሰማ መስሎ ነው የሚያድረው!
ምሥጢሩን የተናገረው፣ ማንም በማይሰማበት፣
ሺህ ሰው ግን በሚያይበት።

ጠመኔውን አራገፍኩ። ሹክ ባይ ነኝ በሙያዬ፣
ያን ለት ግን ለማንም ሹክ አላለም አፌ።
በማግሥቱ ሪዜን ላጨሁት፣ የሃያ ዓመት ሪዜን፣
ሚስቴ “እንቁላል መሰልክ” ብላ ሳቀችብኝ።

ሁለተኛው ቧልት ሲጀመር፣ ጠረጴዛው ሥር አልገባሁም፤
ከካሜራው አጠገብ፣ ፀሐይ በሚያርፍበት በኩል፣
በርጩማ ስቤ ተቀመጥኩ።
ድምፅ አላወጣሁም። ከንፈሬን ብቻ አንቀሳቀስኩ።

አየኝ። ራቁቱን የቀረውን አፌን አየው።
ከዚያ ጎንበስ ብሎ የጠረጴዛውን ጨርቅ ገለጠ፣
ባዶ መሆኑን አረጋገጠ፣
ቴዎባልዶም “ይቆይ!” አለ።